ጨዋታውን አዛውርልኝ

ከወረታ መገንጠያ፣ አንዱ መንገድ ወደ ጎንደር ሌላው ወደ ደብረ ታቦር ከሚለያይበት አካባቢ፣ ጌም በማዛወር የሚስተካከለኝ ሰው የለም። ይህን የምለው እኔ ብቻ አይደለሁም፤ ሌላም ሰው ቢጠየቅ ይለው ነበር፤ ጠያቂ ጠፍቶ ነው። እስከ ዛሬ ካንዱ ኮምፒውተር ወደ ሌላው ያሻገርሁት ጌም ቢመዘን፣ ከመናኸሪያው ጀምሮ እስከ ጣራ ገዳም ግርጌ የተሰለፈ ተሳቢ መኪና አይጭነውም። አንዱን የመኪና ውድድር ጌም ሳሻግረው እንዲያውም ከክብደቱ የተነሣ የጠረጴዛዬ እግር ጎብጧል። ጠረጴዛው ዛሬም አለ፤ መጥቶ ማየት ይቻላል።

ሥራው ከውጭ ሲያዩት ቀላል ይመስላል። ፊልም ከሆነ ኮፒ አድርገህ ትለጥፋለህ፣ አለቀ። ዘፈንም እንደዚያው ነው። የተጫነ ጌም ግን እንደ ሽንኩርት ችግኝ ነው፤ ቅጠሉን ይዘህ ብትመነጭቀው ቅጠሉ እጅህ ላይ ይቀራል። ከነሥሩ፣ ሥሩን ካቀፈው አፈር ጋር ነው የሚነሣው። ጌሙ ራሱ አንድ ፎልደር ውስጥ ይተኛል፤ ያሸነፍኸውና የተሸነፍኸው ሌላ ፎልደር ውስጥ ይቀመጣል፤ የቤቱ አድራሻ ደግሞ ዊንዶውሱ ሆድ ውስጥ ተጽፏል። አንዱን ይዘህ ሌላውን ብትተው ጌሙ አዲሱ ኮምፒውተር ላይ ይደርስና ገና ደጃፉ ላይ ይገተራል፤ አልከፈትም ይልሃል።

ይህን የማያውቅ ሰው ስክሪኑ ላይ የምትታየውን ትንሽ ምስል ብቻ ፍላሽ ላይ ገልብጦ ይመጣል። ከአንበሳሜ የመጣ አንድ ሰውዬ፣ "ጌም ሞልቼ መጣሁ" ብሎ በኩራት ፍላሹን ሰጠኝ። ስከፍተው ሁሉም ምስል ብቻ፣ ስም ብቻ ነው። "ወንድሜ፣ አንተ ይዘህ የመጣኸው የሠርግ ጥሪ ወረቀት ነው፤ ድግሱ አንበሳሜ ቀርቷል" አልሁት። ሰውዬው እስከ ዛሬ ሲያገኘኝ ይስቃል፤ ደግነቱ አላስከፈልሁትም።

ይህን ሁሉ የሚያውቀውን ሰው ነው እንግዲህ አንዲት ቃል የጣለችው። ቃሏ "ጨዋታ" ናት። ገላነሽ "ጨዋታውን አዛውርልኝ" ስትለኝ እኔ ጌም ብዬ ሰማሁ። እሷ ያለችው የባሏን ጨዋታ ነው፤ ወጉን፣ ቀልዱን፣ ድምፁን። ያ ድምፅ ደግሞ ቤታቸው ካለው አሮጌ ኮምፒውተር ሌላ በምድር ላይ የትም አልነበረም። አንባቢ እንደኔ እንዳይስት አስቀድሜ ተናግሬያለሁ።

ባሏ አያልነህ ነው። አያ አያልነህ ከርብ ወንዝ ማዶ ሩዝና ሽንኩርት የሚያመርት ገበሬ ነው፤ ነገር ግን በፎገራ ሜዳ ላይ በማሳው የሚያውቀው ሰው ጥቂት ነው፤ ሁሉም የሚያውቀው በአፉ ነው። እኔን በወሬ የረታኝ ሰው ካለ፣ አለ ማለቴም አይደለም፣ እሱ ነው። ሌላው ሰው ትንሽ ነገር ጨመር አድርገህ ስታወራ "ዋሽተሃል" ብሎ ይከራከርሃል። አያልነህ አይከራከርም። ይስማማል። የሚገድልህ በስምምነቱ ነው።

አንድ የገበያ ቀን ሰው በተሰበሰበበት ስለ አባቴ በሬ እያወራሁ ነበር። የፎገራ በሬ ቀንዱ አጭር ነው፤ የአባቴ ግን የተለየ ነበር፤ እሱ ወረታ ቆሞ የግራ ቀንዱ ጫፍ አዲስ ዘመን ይደርስ ነበር አልሁ። ሰዉ በሳቅ ወደቀ። አያልነህ አልሳቀም። ራሱን ነቅንቆ፣ "እውነቱን ነው፤ እኔ ምስክር ነኝ" አለ። "ገላነሽን ያመጣኋት በዚያ ቀንድ ላይ ተሻግሬ አይደለም እንዴ? ርብ ሞልቶ መሻገሪያ ጠፋና ሙሽራዋን ከነሚዜዎቹ በቀንዱ ላይ አስኬድናቸው። መኻል ላይ ስንደርስ አባትህ ከታች ሆነው፣ 'ኧረ ቀስ በሉ፣ በሬው ይነቃል' አሉን።"

ገበያው በሳቅ ፈረሰ። እኔ ያመጣሁትን በሬ እሱ ነድቶት ሄደ።

ይህ ሰው ነው አንድ ቀን ጠዋት ሽንኩርት ሊያጠጣ ወርዶ ቦይ ዳር ወድቆ የተገኘው። ስትሮክ ነው አሉ ሐኪሞቹ። ቀኝ ጎኑን ያዘው። እግሩ እየተጎተተም ቢሆን ተመለሰለት፤ ንግግሩ አልተመለሰም። ይሰማል፣ ሁሉን ያውቃል፣ ቃሉ ግን ወደ አፉ አይመጣለትም።

ባህር ዳር የሚማረው ልጁ አበረ፣ ከሕመሙ በፊት ለእረፍት ቤት መጥቶ ሳለ አንድ ቀልድ ሠርቶ ነበር። የኳስ ጌሙ ውስጥ የሚለፈልፈውን የፈረንጅ ድምፅ አወጣና አባቱን ማይክ ፊት አስቀምጦ ስለ ጨዋታው እንዲያወራ አደረገው። አያልነህ ስለ ኳስ የሚያውቀው ነገር የለም፤ ስለዚህ ያወራው ስለሚያውቀው ነው። ልጁም ንግግሩን ቆራርጦ በፈረንጁ ቦታ አስገባው። ከሕመሙ በኋላ ገላነሽ ጌሙን መክፈት ተማረች። ሁለቱንም ቡድን ኮምፒውተሩ ራሱ እንዲያጫውት ታደርግና ባሏን አጠገቧ ታስቀምጠዋለች። ድምፁ ሲወጣ አያልነህ አንገቱን ቀና ያደርጋል፤ ከንፈሩም ድምፁን ለመከተል ይሞክራል። ሌላ ጊዜ አይሞክርም። ሐኪሙ ያዘዘለትን የአፍ ልምምድ አሻፈረኝ ያለ ሰው፣ ለዚህ ብቻ ነው አፉን የሚከፍተው።

እኔ ግን ይህን የጌሙን ነገር ያወቅሁት በኋላ ነው።

ክረምት ላይ ውሃው ሜዳውን ሲሞላ ቤታቸው ገብቶ ኮምፒውተሩን ነካው። ቢደርቅም ዳነ አይባልም፤ ይነሣል፣ ይወድቃል፣ ደግሞ ይነሣል። አበረ ያገለገለ ላፕቶፕ ላከላቸው። ገላነሽ ሲፒዩውን በማዳበሪያ ጠቅልላ፣ እንደ ግልገል አቅፋ፣ ከባጃጅ ወረደች። አያልነህ ከኋላዋ እግሩን እየጎተተ ገባ።

"እንዴት ከረማችሁ! አያ አያልነህ፣ ኧረ አምሮብሃል! ገና የቀረችኝንም ጥጃ ትነዳብኛለህ!"

በግራ እጁ ትከሻዬን ያዝ አደረገና ተቀመጠ። ያ ብቻ።

"በላይነህ፣ ወንድም ዓለም" አለችኝ ገላነሽ፣ "ይኸ ዕቃ ሊሞት ነው። ጨዋታውን ወደዚኸኛው አዛውርልኝ። ሌላው ቢቀር ይቅር።"

"የቱን ጨዋታ?"

"ጨዋታውን ነዋ! የኳሱን።"

"እቴ ገላነሽ፣ አንቺ ደግሞ በስተርጅና ኳስ ጀመርሽ?"

"ምን ላድርግ? ቤቱ ዝም ሲል አልችለውም።" ላፕቶፑን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። "እንዳለ ግን። እንዳለ አዛውርልኝ።"

"እንዳለ! ይኸን ለማን ትነግሪያለሽ?"

አሮጌውን አስነሥቼ ጌሙን አየሁት። ዘመኑ ያለፈበት ነው፤ ሜዳው ላይ የሚሮጡት ተጫዋቾች ግማሾቹ ኳስ አቁመው አሁን አሠልጣኝ ሆነዋል። እኔ ዘንድ ደግሞ የዚያው የራሱ ጌም አዲስ የወጣው አለ፤ ንጹሕ፣ ማልያው የዘንድሮ፣ ሣሩ እንኳ የሚወዛወዝ። ይህን ሽማግሌ ጌም ከነሥሩ ነቅዬ ከምንገላታ የተሻለውን ብጭንላት ምን ይጎዳታል አልሁ። ስሙ ያው፣ ኳሱ ያው። አሮጌውን ሳልነካ አዲሱን ላፕቶፑ ላይ ጫንሁ። አጠገቤ ደንበኛ ስልክ ያወራ ስለነበር ድምፁን ዘግቼ ሞከርሁት፤ ተጫዋቾቹ ሮጡ።

"ጨዋታው ሁሉ ገባ?" አለች ገላነሽ።

"ገባ ብቻ? አደገ!"

"እንዴት አደገ?"

"ተሻሻለ። ተጫዋቹ ሲያልበው ይታይሻል። ከዚህ እስከ ባህር ዳር እንዲህ ያለ ጨዋታ ያለው ቤት የናንተ ብቻ ነው።"

ባሏን አየችው፤ መልሳ እኔን አየችኝ። "እንዳለ ቢሆን ይሻለኝ ነበር።"

"እንዳለ ነው ስልሽ፤ ታጥቦ ነው እንጂ።"

አሮጌውን ሲፒዩ እዚሁ ተዪው፣ ለብሎኑም ይሆነኛል አልኋት። እነሱ ሲሄዱ ፈታሁትና ዲስኩን አወጣሁ። የዚያን ቀን ከጣና በኩል የሚመጣው ነፋስ የሱቄን በር እየመለሰ ይዘጋብኝ ነበር። ዲስኩ ከባድ ነው፣ ጠፍጣፋ ነው። በሩ ሥር ሸጎጥሁት። በሩም ቀጥ ብሎ ቆመ። በዓለም ላይ እንደዚያ ያለ ውድ የበር ማቆሚያ የነበረው ሰው እኔ ብቻ ነኝ፤ ውድነቱን ግን ገና አላወቅሁም።

በማግሥቱ ጠዋት ሱቄን ከፍቼ ዲስኩን በሩ ሥር እንደመለስሁ ገላነሽ ላፕቶፑን ይዛ ገባች። አያልነህ ተከትሏታል። ፊቱን ሳየው የሆነ ነገር እንደተበላሸ ገባኝ፤ የመጣው ተሸንፎ እንደሚመጣ ሰው ነው።

"ጨዋታው የለም" አለች።

"እንዴት የለም? አይከፈትም?"

"ይከፈታል።"

"ታዲያ ተጫዋቾቹ አይሮጡም?"

"ይሮጣሉ። ምን ያደርግልኛል ሩጫው? ጨዋታው ነው የሌለው።"

"እቴ ገላነሽ፣ እሱ እኮ ነው ጨዋታው! ሩጫው ነው!"

"በላይነህ፣ አትቀልድብኝ።"

"ድምፁን ከፍ አድርገሽዋል?"

"ድምፅማ አለ። የፈረንጅ ነው። ሌሊቱን ሙሉ የማያልቅ ነገር ይለፈልፋል፤ አንዲቷን አናውቃት።" ጣቷን ወደ ላፕቶፑ ዘረጋች። "አያልነህ የት ሄደ?"

አያልነህ አጠገቧ ቆሟል። እሱን አየሁት፤ እሷን አየኋት። ሕመሙ ወደ እሷም ተሻገረ እንዴ ብዬ ደነገጥሁ። እሷ ግን ተቀመጠችና ነገሩን ሁሉ አወራችኝ፤ ልጇ ስለሠራው ቀልድ፣ ስለ ድምፁ፣ ስለ ከንፈሩ። ስትጨርስ አያልነህ በግራ እጁ ላፕቶፑን ቀስ አድርጎ ወደኔ ገፋው። ሰው ያልተስማማውን ዕቃ ለነጋዴ እንደሚመልስ።

ስሙ ያው ነው፣ ኳሱ ያው ነው ብዬ የሰጠሁት ነገር ለካ ሌላ ነው። አሮጌው ጌም ዋጋ ያለው ከላዩ ላይ በተጨመረበት ድምፅ ነው፤ እኔ ግን ያን ትቼ አዲስ ሣር አስይዤ ላክኋቸው።

ለአበረ ደወልሁ። የኔትወርኩ ነገር እንደምታውቁት ነው፤ ብዙ ከተለመነ በኋላ ልጁ ተገኘ።

"ጋሼ በላይነህ፣ ፎልደሩን እንዳለ ነው ያዛወሩት?"

"እንዳለ ነው።" ገላነሽ አየችኝ። "ማለቴ፣ እንዳለ እንኳ ሳይሆን፣ እንደሚገባው ነው።"

"አዲስ ጫኑ እንዴ?"

"ከዓለም ምርጡን ነው የጫንሁት!"

ልጁም፣ "የአባቴ ድምፅ በአሮጌው ልክ ነው የተሠራው፤ አዲሱ ላይ ቢገባም አይነበብም። አሮጌው ከነሙሉ ፎልደሩ መምጣት አለበት" አለኝ። "ዲስኩ አለ አይደል?"

"በክብር ቦታ ነው ያስቀመጥሁት" አልሁ፣ በሩን በእግሬ ይዤ ዲስኩን ከሥሩ እያወጣሁ።

"አንተ ዘንድ ሌላ ቅጂ አለ?" አልሁት ቀጥዬ።

"የለኝም ጋሼ። ቀልድ ብዬ የሠራሁት ነው። እንዲህ ይሆናል ብዬ መቼ አሰብሁ?"

ዲስኩን አቧራውን ጠርጌ ከኮምፒውተሬ ጋር አገናኘሁት። መዞር ጀመረ፤ ከዚያ ውስጡ ቅጭ፣ ቅጭ፣ ቅጭ አለ። ይህን ድምፅ የሰማ የሙያው ሰው ያውቀዋል። ውሃ የጠጣ ዲስክ፣ በዚያ ላይ ቀኑን ሙሉ በር ሲገፋው የዋለ ዲስክ፣ ቢበዛ አንድ ጊዜ ነው የሚታዘዝህ። ከሞቀ ይቆማል። ስለዚህ አጠፋሁት፤ በፌስታል ጠቅልዬ ጓዳ ካለው የውሃ እንስራ ጎን አስደግፌ እስኪቀዘቅዝ ጠበቅሁ።

"ምን እያደረግህ ነው?" አለች ገላነሽ።

"ትኩሳቱን እያበረድሁለት ነው።"

"ይተርፋል?"

ሌላ ጊዜ ቢሆን፣ ከመቃብር ያስነሣሁት ዲስክ አለ እላት ነበር። "እንጃ" አልኋት። ቃሉ ከአፌ ሲወጣ ለራሴም እንግዳ ሆነብኝ።

ሲቀዘቅዝ እንደገና አገናኘሁት። ሁሉንም አንድ ላይ ኮፒ ብል አንዱ የታመመ ፋይል ሌላውን ሁሉ ይዞ ይወድቃል፤ ስለዚህ አንድ በአንድ ማንሣት ነው፣ ከማይገኘው መጀመር ነው። ጌሙ ራሱ ከሌላ ቦታ ሊገኝ ይችል ይሆናል፤ ድምፁ አይገኝም። የድምፁን ፎልደር አስቀደምሁ። አንዱ ያልፋል፣ አንዱ እንደ ሰነፍ አህያ መንገድ ላይ ይቆማል፣ ቅጭ ይላል፣ ደግሞ ይንቀሳቀሳል።

መጠበቁ ከበደን። ገላነሽ ዓይኗ ከስክሪኑ አልተነቀለም። ዝምታ ለእኔ አይስማማኝም፤ ወደ አያልነህ ዞርሁ።

"አያ አያልነህ፣ ይኸን ዲስክ ታየዋለህ? ከዚህ የባሰ አድኛለሁ። ጣና ውስጥ ወድቆ ዓሣ የዋጠው ዲስክ ነበር። ዓሣው ባዛጋ ቁጥር ከሆዱ ዘፈን ይሰማ ስለነበር ዓሣ አጥማጆቹ በድምፁ ተከትለው ነው የያዙት።"

ብዬ ጠበቅሁ። እንደ ልማዱ "እውነቱን ነው" እንዲለኝ፣ ዓሣውን ተቀብሎኝ ወደፈለገው ባሕር እንዲወስደው። አያልነህ ቀና አለ። ዓይኑ ውስጥ መልሱ መጥቷል፤ እምላለሁ መጥቷል፤ እኔ ከተናገርሁት በዐሥር እጅ የሚበልጥ ነገር እዚያ ቆሞ አየሁት። አፉን ከፈተ። የአንገቱ ሥር ተገተረ። አንድም ነገር አልወጣም። መልሶ ዘጋውና ወለሉን አየ። የእኔም ዓሣ ሜዳ ላይ ቀረ፤ እዚያው ተጋድሞ የማይረባ ውሸት ሆነ።

ያን ጊዜ ነው አንድ ነገር የገባኝ። እኔ ለካ አንድም ወሬ ብቻዬን ጨርሼ አላውቅም። እኔ የምጀምረው እሱ ወይም እንደሱ ያለ ሰው እስኪቀበለኝ ነው። ሲበልጠኝ ቀናሁበት እንጂ፣ ባይበልጠኝ ኖሮ ያ በሬ እስከ ዛሬ ማንም የማያስታውሰው ተራ በሬ ነበር። በዚህ አገር ስለ አባቴ በሬ የሚያወራ ሁሉ የሚያወራው የሙሽራዋን መሻገር ነው።

ድምፆቹ አብዛኞቹ አለፉ። ጥቂት ፋይሎች ግን እምቢ አሉ። ደጋግሜ ሞከርሁ፤ እምቢ አሉ። ዲስኩ እየሞቀ ስለሆነ ትቻቸው ወደ ጌሙ ፎልደር ሄድሁ። የመጨረሻው ፋይል እንዳለፈ እምቢ ወዳሉት ልመለስ ስል ዲስኩ ረዘም ያለ ድምፅ አሰማና ጸጥ አለ። እንስራውም፣ ልመናውም ከዚያ በኋላ አላስነሣውም።

የቀረው ሥራ የኔ ሙያ ነው። አሮጌው ጌም ቤቴ ዲ ነው ብሎ ያምናል፤ የአበረ ላፕቶፕ ደግሞ ዲ የሚባል ክፍል የለውም። የላፕቶፑን ዲስክ ለሁለት ከፍዬ ዲ ሠራሁለት፤ ፎልደሩን ድሮ በነበረበት ስም፣ ድሮ በነበረበት ቦታ አስቀመጥሁት፤ አድራሻውን በዊንዶውሱ ሆድ ውስጥ አስገባሁለት። ጌሙ ሲነቃ ከርብ ማዶ ያለው ቤቱ ውስጥ ያለ እንዲመስለው አድርጌ ማለት ነው። ያን የመሰለ አዲሱን ጌሜንም አጠፋሁት። ከፈትሁ።

ስክሪኑ ጥቁር ሆነ፤ ከዚያ ሜዳው መጣ። ከዚያ፦

"እንግዲህ ጀመሩ! ይኸ ሁሉ ጎረምሳ ቁምጣ ለብሶ ከወጣ ሩዙን የሚያርመው ማን ነው?"

ገላነሽ በነጠላዋ ጫፍ አፏን ያዘች።

"ስጠው እንጂ! ምን ታቅፈኸው ትዞራለህ? ያማትህ አደራ ነው? ... ወደቀ። ተነሥ አንተ፣ ጭቃ እንኳ የለም! ... ጠባቂው! ኧረ ጠባቂው! ማሳህ ውስጥ ከብት ገባብህ!"

ሳቅሁ። ደጅ የቆሙ ሰዎችም ሳቁ፤ ድምፁን ያወቁት ሮጠው መጡ፣ "አያልነህ ዳነ እንዴ?" እያሉ። አያልነህ ግን አልሳቀም። ወደ ስክሪኑ አዘንብሎ፣ በደንብ ያልተኛ ሰው እንደሚያደርገው ዓይኑን ጨፍኖ፣ ከንፈሩን ከድምፁ ኋላ ኋላ ያስኬዳል። ድምፁ ይቀድመዋል፤ እሱ ይከተላል።

ከዚያ ጎል ገባ።

ኮምፒውተሩ ዝም አለ። ተጫዋቾቹ ይተቃቀፋሉ፣ ባንዲራው ይውለበለባል፣ ድምፅ የለም። የአያልነህ ከንፈር የሚከተለው አጥቶ ቆመ። ዓይኑን ከፈተ።

"ቀጥሎ ምን ነበር የሚለው?" አልሁ ቀስ ብዬ።

"እዚህ ላይማ ይጮኻል" አለች ገላነሽ። "እዚህ ላይ ነው ከሁሉም የሚጮኸው።"

ለአበረ መልሼ ደወልሁ። እምቢ ያሉትን ፋይሎች ስማቸውን ስነግረው፣ "የጎሎቹ ናቸው" አለ። "ሁሉም?" አልሁት። "ሁሉም። ቦታው ባዶ ሆኖ ይቀራል ጋሼ። ካልሆነ በዚያው ስም ሌላ ድምፅ ማስገባት ይቻላል።"

ሌላ ድምፅ! ይህን ስሰማ ልቤ ዘለለ፤ አልዋሽም። ለሠርግ ዘፈን የምቀርጽበት ማይክ አለኝ፤ ጉሮሮዬም አለ። "እቴ ገላነሽ፣ አታስቢ። ጎሉን እኔ እሞላዋለሁ። ደብረ ታቦር ድረስ የሚሰማ ጎል አደርግልሻለሁ" አልሁና ማይኩን አወጣሁ።

"ያንተን ጩኸትማ ገበያ ላይ እጠግበዋለሁ" አለች። "ቤቴ ደግሞ አምጥቼ ልስማው? ተወው፤ ባዶ ይሁን።"

"ባዶማ ያስቀይማል!"

"የሱ ባዶ ይሻለኛል።"

እኔና እሷ ይህን ስንል አያልነህ እጁን ዘርግቶ ማይኩን ከእጄ ወሰደው። በግራ እጁ ነው፤ አያያዙ የማጭድ አያያዝ ነው። ወደ አፉ አስጠግቶ አየኝ። ሌላ ሰው አላየም፤ እኔን።

መቅረጫውን ከፈትሁ።

አፉን ከፈተ። መጀመሪያ ትንፋሽ ብቻ ወጣ፤ ቀጥሎ ከትንፋሹ ሥር አንድ ነገር ተጎተተ፣ ቃልም አይደለም፣ ጩኸትም አይደለም፤ "እ" የሚመስል፣ የሚንቀጠቀጥ፣ መኻሉ ላይ የሚሰበር። ገላነሽ ፊቷን አዞረች። ደጅ ካሉት ሰዎች አንዱ "አይዞህ አያ አያልነህ" አለ።

ድምፁን በጎሉ ስም አስቀመጥሁትና ጌሙን እንደገና አስጀመርሁ። "እንግዲህ ጀመሩ!" አለ የቀድሞው አያልነህ። ብዙ ጠበቅን፤ እነዚያ ተጫዋቾች እንደዚያ ቀን ሰንፈው አያውቁም። በመጨረሻ አንዱ አገባ። ያ የተሰበረ "እ" ከኮምፒውተሩ ወጣ።

ገላነሽ አለቀሰች። እኔም፣ ለማንም አትንገሩ እንጂ፣ ደኅና አልነበርሁም። "ይበቃል አያ አያልነህ" አልሁት። "በፎገራ ሜዳ ላይ እንዲህ ያለ ጎል ገብቶ አያውቅም።"

አያልነህ የሰማውን ሰማ። ከዚያ ፊቱን አኮሳተረ፤ ሸቀጡ ያልጣመው ገበያተኛ እንደሚያደርገው ራሱን ግራና ቀኝ ነቀነቀ። አልተስማማም። ያ ሁልጊዜ የሚስማማው ሰው አልተስማማም። ማይኩን አንሥቶ ጠረጴዛዬን ሁለት ጊዜ መታበት።

"ምን ይላል?" አልሁ።

"አልረባም ነው የሚለው" አለች ገላነሽ፣ ዓይኗን እየጠረገች። "ድገም እያለህ ነው።"

ደጅ አንድ ባጃጅ ዘፈኑን ለቆ ቆሟል። ወጣሁና ዝጋው አልሁት። ሱቄ ደጃፍ ላይ የተሰበሰበውንም ሰው ዝም በሉ፣ ከመንገዱም ራቁ አልሁ። "አንተ ነህ ዝም በሉ የምትለው?" ብሎ አንዱ ሳቀብኝ። በሩን ዘጋሁ፤ ማይኩን ከአፉ ትንሽ ራቅ፣ ወደ ጉሮሮው ዝቅ አድርጌ ያዝሁለት፤ የገባውን "እ" አጠፋሁት፤ መቅረጫውንም እንደገና ከፈትሁ።